እጃቸው የታመነ፣ ስማቸው የተጠረጠረ

ከጥቂት ዓመታት በፊት አብሮኝ የሚሠራ አንድ ቀዶ ሐኪም ሰላይ ነው ተብሎ ተጠርጥሮ ነበር። የነገሩ መነሻ ፎቶግራፍ ነው። ያመረቀዙ ቁስሎችን ከቀዶ ጥገናው በፊትና በኋላ፣ የበሽተኞቹን ፈቃድ እየጠየቀ በስልኩ ያነሳል፤ አንዳንዱን ለተማሪዎቹ ያሳያል፣ የከበደውን ደግሞ ውጭ አገር ለሚኖር የቀድሞ መምህሩ ልኮ ምክር ይጠይቅበታል። ዘመኑ የጦርነት ነበርና ከተኙት ቁስለኞች መካከል ወታደሮችም ነበሩ። አንድ ቀን «የቁስለኞቻችንን ፎቶ ለባዕድ እየላከ ነው» የሚል ወሬ ከዋርዱ ወጣ። ከአፍ የወጣ አፋፍ እንዲሉ፣ ወሬው ከተማውን ሲዞር አደረ። ባልደረባዬ ተጠርቶ ተጠየቀ፣ ስልኩ ተወሰደ፣ ከዚያም «ጥፋተኛ ነህ» ወይም «ነፃ ነህ» የሚለው ሰው ሳያገኝ ወደ ሥራው ተመለሰ።

እስካሁን የሚከነክነኝ መጠየቁ አይደለም። በዚያው ሰሞን ኮሪደር ላይ «ሰላዩ» እያለ ሲያማው በጆሮዬ የሰማሁት ሰው፣ እግራቸው በስኳር በሽታ ያመረቀዘባቸውን እናቱን ደግፎ መጣ። ወደ ሌላ ሐኪም ሲመሩት «አይሆንም፣ እሱ ይይልኝ» አለ። ባልደረባዬ ፋሻውን በዝግታ ፈታ፤ ጎንበስ ብሎ ጠረኑን አስተዋለ፤ ከቁስሉ ራቅ ካለው ጤነኛ ቆዳ ጀምሮ በአውራ ጣቱ እየተጫነ፣ «እማማ፣ እዚህ ጋ ይሰማዎታል? እዚህስ?» እያለ መግሉ እስከ የት እንደ ዘለቀ ፈለገ። ሁለት ጣት ተቆርጦ እግራቸው ተረፈ። ልጃቸው እጅ ነሥቶ አመሰገነ፤ ሐሜቱን ግን አልተወም። አንድ ሰው በአንድ ሳምንት ውስጥ እንደ ዜጋ ተፈርቶ እንደ ሐኪም እንዴት ሊታመን እንደሚችል ላስታርቀው ብሞክር አልታረቅልህ አለኝ።

ይህንን በሶቪየት ዘመን ታሽከንት፣ በዛሬዋ የኡዝቤኪስታን ዋና ከተማ፣ ለተማሩ አንድ አንጋፋ ሐኪም አጫወትኳቸው። ጥቂት ዝም ብለው ቆዩና፣ «ልጄ፣ የታሽከንቱን ጳጳስ ታሪክ አልሰማህም ማለት ነው» አሉኝ። በተማሪነታቸው ጊዜ መምህሮቻቸው ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ስለሚያነሷቸው አንድ ቀዶ ሐኪም ነገሩኝ። ከዚያ ወዲህ ስለ እኚህ ሰው ያገኘሁትን ሁሉ ሳነብ ቆይቻለሁ።

የከተማው ሐኪም

ቫለንቲን ቮይኖ-ያሴኔትስኪ በ1877 በክራይሚያ ምድር ከርች በምትባል ከተማ ተወለዱ (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)፤ ያደጉት ግን ኪየቭ ነው። የልጅነት ምኞታቸው ሠዓሊ መሆን ነበር፤ ሙኒክ ድረስ ሄደው ሥዕል ተምረዋል። በኋላ ግን የሚወዱትን ትተው ለሚሠቃይ ሰው የሚጠቅመውን መሥራት እንዳለባቸው ወሰኑና ሕክምና ገቡ። በ1903 ሲመረቁ «የገበሬ ሐኪም እሆናለሁ» ማለታቸው ጓደኞቻቸውን አስገርሞ ነበር፤ እሳቸው ግን ቃላቸውን ጠብቀው ከዐሥር ዓመት በላይ በገጠር ሆስፒታሎች ዓይንም፣ አጥንትም፣ ሆድም ሲቀድዱ ኖሩ።

የገጠር ሥራ ካስተማራቸው ነገር አንዱን ብቻ ላንሳ። በዚያ ዘመን በሽተኛው የሚተኛው በክሎሮፎርም ነበር፤ የሰለጠነ ሰመመን ሰጪ በሌለበት ደግሞ ክሎሮፎርሙ ከቀዶ ጥገናው ይልቅ ያሰጋል። ስለዚህ ሰውየውን በሙሉ ከማስተኛት ይልቅ ለሚሠራው አካል ስሜት የሚሰጠውን ነርቭ ብቻ ፈልጎ የማደንዘዝን ዘዴ ተከታተሉ። ወደ እግር የሚወርደው ትልቁ ነርቭ ከዳሌ የሚወጣበትን ነጥብ በሬሳ ላይ እየመረመሩ አገኙት፤ በ1915 ስለዚሁ መጽሐፍ አሳተሙ፣ በማግስቱም ዓመት ዶክትሬታቸውን አገኙበት። ዛሬ እኛ ይህንን የምናደርገው ነርቩን በአልትራሳውንድ እያየን ነው። እሳቸው በጣታቸውና በአናቶሚ እውቀታቸው ብቻ መርፌውን የት እንደሚያሳርፉ ያውቁ ነበር። ይህን ማንሳቴ ሙያቸውን ለማወደስ ብቻ አይደለም፤ ትክክለኛውን ቦታ ሳያውቁ ምንም ነገር ያለመውጋት ልማዳቸው በኋላ መርማሪዎች ፊት ሲቀርቡም አብሯቸው ነበርና ነው።

በ1917 የታሽከንት ከተማ ሆስፒታል ዋና ሐኪምና ቀዶ ሐኪም ሆነው ተሾሙ። ባለቤታቸው የሳንባ ነቀርሳ ታመው ነበርና የአገሩ ደረቅ ሙቀት ይሻላቸዋል ተብሎ ታስቦ ነበር፤ ነገር ግን በ1919 አራት ልጆች ትተው ዐረፉ። በዚያው ዓመት መጀመሪያ፣ በከተማዋ የተነሣው ዐመፅ በተደመሰሰ ጊዜ፣ አንድ የሬሳ ክፍል ሠራተኛ ባቀረበው ጥቆማ ተይዘው ሰዎች በደቂቃዎች ፍርድ ወደሚገደሉበት የባቡር ጥገና ግቢ ተወሰዱ። ቀኑን ሙሉ ተራቸውን ሲጠብቁ ውለው፣ የሚያውቃቸው አንድ ባለሥልጣን በአጋጣሚ አይቷቸው አስለቀቃቸው።

በ1921 ደግሞ ማንም ያልጠበቀውን አደረጉ፤ ቤተ ክርስቲያን በምትሳደድበት ሰዓት ቅስና ተቀበሉ። በቀሚስና በመስቀል ሆነው ያስተምራሉ፣ በቀዶ ጥገናው ክፍል ሥዕለ ማርያም ይሰቅላሉ፣ ቢላዋ ከማንሳታቸው በፊት በበሽተኛው ገላ ላይ በአዮዲን መስቀል ይሥላሉ። በዚያው ዓመት የቀይ ጦር ቁስለኞች በፋሻቸው ሥር ትል ተገኘ ተብሎ ሐኪሞች ለፍርድ በቀረቡበት ችሎት ስለ ሙያው እንዲያስረዱ ተጠሩ። ዐቃቤ ሕጉ ቼካ የሚባለው የምስጢር ፖሊስ ሹም ያኮቭ ፒተርስ ነበር። ሌሊት እየጸለዩ ቀን ሰው መቁረጥ እንዴት እንደሚሆንላቸው ሲጠይቃቸው፣ «እኔ የምቆርጠው ለማዳን ነው፤ እርስዎስ በምን ስም ነው ሰው የሚቆርጡት?» ብለው እንደ መለሱለት በችሎቱ የነበሩ ሰዎች ተርከዋል።

በ1923 በሥውር የጵጵስና ማዕረግ ሲቀበሉ ሉቃስ ተባሉ። ሐኪሙ ወንጌላዊ የእመቤታችንን ሥዕል የሣለ ሠዓሊ እንደ ነበር በእኛም ቤተ ክርስቲያን ሲነገር አድገናልና፣ ሥዕልን ትቶ ሐኪም ለሆነ ጳጳስ ከዚህ የሚስማማ ስም አይገኝም። ከዚህ በኋላ በእኛው አጠራር አቡነ ሉቃስ እላቸዋለሁ።

ያልጠረጠረ ተመነጠረ

ሹመታቸው ጥቂት ቀናት ብቻ እንዳስቆጠረ ተያዙ። የተከሰሱት ኮሳኮች ከሚባሉት የኦሬንቡርግ ፈረሰኛ ተዋጊዎች ጋር በማሴርና በቱርክ ድንበር በኩል ከእንግሊዞች ጋር በመገናኘት ነበር። ካርታ ዘርግቶ ማየት በቂ ነው። ኦሬንቡርግ ከታሽከንት ወደ ሰሜን ምዕራብ ከሺህ ኪሎ ሜትር በላይ ይርቃል፤ የቱርክ ድንበር ደግሞ ከካስፒያን ባሕር ማዶ ነው። አንድ ሰው ከተማ ሆስፒታል ውስጥ በየቀኑ እየቀደደና እየሰፋ፣ እያስተማረ፣ እየቀደሰ፣ አራት እናት የሌላቸው ልጆች እያሳደገ በሁለቱም አቅጣጫ ሲዶልት ነበር ማለት ነው።

«ያልጠረጠረ ተመነጠረ» የሚለውን አባባላችንን አውቀዋለሁ፤ መንግሥት ምስጢሩን መጠበቁን፣ በጦርነት ጊዜም ዓይኑን መግለጡን አልቃወምም። እዚህ ግን የሆነው የተገላቢጦሽ ነው። መጀመሪያ የተያዘው ሰውየው ነው፤ ድርጊቱ በኋላ ተፈለገለት። በእኛም አገር በደርግ ጊዜ «የሲአይኤ ሰላይ» የምትለዋ ቃል ማንን ለመክሰስ እንዳገለገለች ያየ ትውልድ ዛሬም በሕይወት ስላለ ብዙ ማብራራት አያስፈልገኝም።

ወደ ሳይቤሪያ አጋዟቸው። ዬኒሴይስክ ላይ ዓይነ ስውር ለነበሩ ሦስት ወንድማማቾች ዓይናቸውን አበሩላቸው። ከዚያ ወደ ቱሩካንስክ፣ ከቱሩካንስክም ከአርክቲክ ክበብ ማዶ ወዳለች ፕላኺኖ ወደምትባል ጥቂት ጎጆዎች ብቻ ወዳሏት ቦታ ገፏቸው፤ መስኮቱ ላይ በመስታወት ፋንታ የበረዶ ሰሌዳ የተገጠመበት ቤት ነበር። ብዙም ሳይቆይ ቱሩካንስክ ውስጥ አንድ ገበሬ ቀዶ ሐኪም አጥቶ ሞተ። ሕዝቡ ተቆጣ፣ ሹማምንቱም ያባረሯቸውን ሰው ራሳቸው መልሰው አመጧቸው። ክሱ አልተነሳላቸውም። የተፈለገው እጃቸው ነበር።

ይህ በሕይወታቸው ሙሉ ይደጋገማል። በ1926 ወደ ታሽከንት ተመልሰው በ1930 በሌላ ክስ እንደ ገና ተያዙ፣ ሦስት ዓመት ወደ አርካንግልስክ ተጋዙ። ከዚያ በተመለሱ በዓመቱ፣ በ1934፣ ስለ መግል ቀዶ ጥገና ያዘጋጁት ታላቅ መጽሐፍ ታተመ። አንቲባዮቲክ ባልነበረበት ዘመን መግል ከምን ተነሥቶ በየትኛው የጡንቻ መሐል እየሠረገ የት እንደሚደርስ፣ የት ቢቀደድ እንደሚፈስስ በሽተኛ በበሽተኛ እየተረኩ ያስረዱበት መጽሐፍ ነው። ከሦስት ዓመት በኋላ ግን ደራሲው ሕሙማንን ቀዶ ጥገና ጠረጴዛ ላይ ይገድላል የሚል ክስ መጣበት።

«ለየትኛው መንግሥት?»

በሐምሌ 1937 የተያዙበት ክስ ከቀደሙት ሁሉ የከፋ ነበር፤ ፀረ አብዮት የካህናትና የመነኮሳት ድርጅት ማቋቋም፣ ለውጭ አገር መሰለል፣ ሕሙማንን መግደል። እስረኞቹ «ኮንቬየር» ይሉት በነበረው ምርመራ ውስጥ አስገቧቸው። መርማሪዎቹ ሌሊትና ቀን በፈረቃ ይተካካሉ፤ ተመርማሪው ግን ተተኪ የለውም፣ እንቅልፍም የለውም። ይህ ለ13 ቀናት ቀጠለ። ስድሳ ዓመት የሞላቸው ሰው ነበሩ። ራሳቸው እንዳስታወሱት፣ ቢጫ ጫጩቶች በወለሉ ላይ ሲሯሯጡ ይታያቸው ጀመር፤ በኤሌክትሪክ መብራት ያሸበረቀ ሙሉ ከተማ በሥሩ በተኛበት ገደል አፋፍ ላይ የቆሙ ይመስላቸዋል፤ ከሸሚዛቸው ሥር በጀርባቸው ላይ እባብ ሲሳብ ይሰማቸዋል። ሲዝሉ ወደ ቧንቧ ወስደው ራሳቸው ላይ ቀዝቃዛ ውኃ ያፈስሱባቸዋል።

በዚህ ሁሉ መካከል የሚጠየቁት ሰላይነታቸውን እንዲያምኑ ነበር። መልሳቸው ደግሞ አንድ ጥያቄ ብቻ ነበር፤ የሰለልኩት ለየትኛው መንግሥት እንደሆነ ንገሩኝ። መርማሪዎቹ ይህን ሊመልሱ አልቻሉም።

እዚህ ቦታ ላይ ስደርስ ሁልጊዜ ማንበቤን አቆማለሁ። ጫጩት የሚያይ፣ እባብ የሚሰማው፣ በሁለት እግሩ መቆም ያቃተው ሰው ይህን ጥያቄ ከየት አመጣው? በመጀመሪያ እምነታቸው ነው ብዬ አሰብኩ፣ መሆኑንም አልጠራጠርም። ነገር ግን በዚያ ምርመራ ውስጥ ካለፉት ሌሎች ካህናትና ጳጳሳት መካከል እምነታቸው ያልጎደለ፣ ሥቃዩ ግን አሸንፏቸው የፈረሙ ነበሩ፤ ከፈረሙትም የተረሸኑ አሉ። እነዚያን ለመውቀስ አፌ አይከፈትም። እንቅልፍ የተነፈገ ሰው ምን እንደሚሆን ከረዥም ተረኝነት በኋላ ያየ ሐኪም ሁሉ ያውቀዋል፤ የራሱን የእጅ ጽሕፈት ማንበብ እንኳ ያቅተዋል።

ስለዚህ መልሱን በከፊል በሙያቸው ውስጥ ፈለግሁት። የመግል ቀዶ ጥገና የሚሠራ ሰው፣ በሽተኛው «ሁለመናዬን ያመኛል» ሲለው «የት ጋ?» ብሎ ይጠይቃል። መግሉ ያለበትን ቦታ ሳያውቅ ቢላዋ የሚያነሳ ሐኪም ጤነኛውን ሥጋ ይቆርጣል፣ መግሉም ባለበት ይቀራል። የሰላይነቱ ክስ እንዲሁ ሁለመናን የሚያም ነበር፤ ሰውየውን በሙሉ ያጠቃልላል፣ የት እንደ ተጀመረ ግን አይናገርም። ሠላሳ ዓመት በላይ «የት ጋ?» ሲሉ የኖሩ ሰው አእምሯቸው ሲደክም እንኳ ልማዳቸው አልተዋቸውም ብዬ አምናለሁ። የክሱ ባዶነት የታየው በመሐላና በለቅሶ አልነበረም፤ ዝርዝር በመጠየቅ ነበር። ለየትኛው መንግሥት፣ በምን ቀን፣ በማን እጅ?

በረሃብ አድማ ተቃወሙ፣ ለሁለተኛ ጊዜም በኮንቬየር አለፉ፤ ሰላይ ነኝ የሚለውን አልፈረሙም። እስከ 1940 ድረስ በእስር ከቆዩ በኋላ በክራስኖያርስክ ግዛት ቦልሻያ ሙርታ ወደምትባል መንደር ለአምስት ዓመት ተጋዙ።

የቴሌግራሙ መጨረሻ

በሰኔ 1941 ጀርመን ሶቪየት ኅብረትን ስትወር ከዚያች መንደር ለርእሰ ብሔሩ ለሚካኢል ካሊኒን ቴሌግራም ላኩ። ራሳቸውን ያስተዋወቁት ኤጲስ ቆጶስ ሉቃስ፣ ፕሮፌሰር ቮይኖ-ያሴኔትስኪ ብለው ነው፤ ጵጵስናው ከፕሮፌሰርነቱ ቀድሟል፣ ሊያስደስቱት የሚገባቸው መንግሥት ግን እግዚአብሔር የለም የሚል ነበር። በግዞት ላይ እንደሚገኙ፣ የመግል ቀዶ ጥገና ስፔሻሊስት በመሆናቸው በግንባርም ሆነ በደጀን በሚመደቡበት ቦታ ቁስለኞችን መርዳት እንደሚችሉ ገለጡ፤ ግዞታቸው ተቋርጦ ወደ ሆስፒታል እንዲላኩም ጠየቁ። መጨረሻው እንዲህ ይላል፤ ጦርነቱ ሲያበቃ ወደ ግዞቴ ለመመለስ ዝግጁ ነኝ።

ይህችን የመጨረሻ ዐረፍተ ነገር ለረዥም ጊዜ ልቀበላት አልቻልኩም። በዚያ ሰዓት መንግሥት ቀዶ ሐኪም ያስፈልገዋል፤ እንደ እሳቸው ያለ ያመረቀዘ የጥይት ቁስል የሚያውቅ ሰው በቀላሉ አይገኝም። ስማቸውን ለማስመለስ ከዚህ የተሻለ ጊዜ ከየት ይመጣ ነበር? እኔ ብሆን «ሰላይ አይደለሁም፤ መጀመሪያ ይህንን አርሙ» ባልኩ ነበር። ደግሞም ስም የአንድ ሰው ብቻ አይደለም፤ በዚያው መዝገብ የተከሰሱና የተገደሉ ሰዎች ነበሩ፣ የእሳቸው ስም ቢጠራ የእነርሱም አብሮ ይጠራ ነበር ብዬ እከራከራለሁ። ዛሬም ይህ ክርክር ሙሉ በሙሉ አልለቀቀኝም።

ቢሆንም ቴሌግራሙን ደጋግሜ ሳነብ አንድ ነገር ተገለጠልኝ። ግዞቱን ትክክል ነው አላሉም። ይቅርታም አልጠየቁም። አሳሪዎቻቸው ሁለቱን ነገሮች፣ እጃቸውንና ስማቸውን፣ ለያይተው ሲጠቀሙባቸው ኖረዋል፤ አሁን እሳቸው ራሳቸው ለያዩዋቸው፣ ግን በሌላ መንገድ። ቁስለኛው የስማቸው መያዣ እንዲሆን አልፈቀዱም። አንድ ጉልበቱ የተመታ የሃያ ዓመት ወታደር እግሩን እንዲያተርፍ፣ መጀመሪያ ሞስኮ ውስጥ አንድ መዝገብ መዘጋት አለበት የሚል ቅድመ ሁኔታ ማቅረብ አልሆነላቸውም። በመጽሐፋቸው ለሐኪሞች ሲጽፉ፣ ጠረጴዛው ላይ የተኛውን ሰው «ኬዝ» ብለው መጥራታቸውን ነቅፈዋል፤ የሚንቀጠቀጥ፣ ሞትን የፈራ ሰው ነው ብለው አሳስበዋል። ያንን የጻፈ ሰው ሌላ ቴሌግራም ሊልክ እንደማይችል አሁን ይገባኛል፤ መስማማቴ ግን አሁንም ከነቅሬታዬ ነው።

በ1941 መጸው በክራስኖያርስክ የሆስፒታል ቁጥር 1515 ዋና ቀዶ ሐኪም፣ የግዛቱም ሆስፒታሎች አማካሪ ሆኑ። በቀን እስከ ዘጠኝ ሰዓት ይሠራሉ፤ የሚያድሩት በሆስፒታሉ ግቢ በአንዲት እርጥብ ክፍል ነው። ከሆስፒታሉ ወጥ ቤት የመመገብ መብት ስላልነበራቸው የጽዳት ሠራተኞቹ ገንፎ በድብቅ ያስቀምጡላቸው ነበር። በሳምንት ሁለት ጊዜ እንደ ማንኛውም ግዞተኛ ወደ ፖሊስ ሄደው ይፈርማሉ። በኋላ ባቆዩት የሕይወት ትዝታቸው፣ ቁስለኞቹ በጣም እንደሚወዷቸው፣ ሌላ ቦታ ተሠርቶላቸው ሳይሳካ ቀርቶ በእሳቸው እጅ የዳኑት ጠዋት ራውንድ ሲዞሩ ቀጥ ባለው እግራቸው ሰላምታ እንደሚሰጧቸው ገልጠዋል። አልጋው ላይ ተንጋሎ ያዳኑለትን እግር ወደ ላይ አንሥቶ ለአንድ ቀሚስ ለለበሰ ግዞተኛ ሰላምታ የሚሰጥ ወታደር ይታየኛል። ያ ወታደር ስለ መዝገቡ ምንም አያውቅም ነበር፤ ቢያውቅም እግሩን የሚያወርድ አይመስለኝም።

በ1946 ስለ መግል ቀዶ ጥገናና ስለ መገጣጠሚያ ቁስል በጻፏቸው መጻሕፍት አንደኛ ደረጃ የስታሊን ሽልማት፣ 200,000 ሩብል ተሰጣቸው። ከዚህ ውስጥ 130,000ውን በጦርነቱ ወላጆቻቸውን ላጡ ሕፃናት ሰጡ። ያሰራቸውና የሸለማቸው መንግሥት አንድ ነው፤ ሲሸልማቸውም የክሱን ወረቀት አልቀደደም። በዚያው ዓመት የክራይሚያ ሊቀ ጳጳስ ሆነው ወደ ሲምፌሮፖል ሄዱ፤ ቀስ በቀስ የዓይናቸው ብርሃን ጠፋ፣ በሰኔ 1961 ዐረፉ።

«እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል» እንላለን። ይህን አባባል እወደዋለሁ፣ ግን ማደሩ ስንት ሌሊት እንደሚፈጅ መጠየቅ አለብን። ስማቸው ከክሱ በይፋ የነጻው በ2000 ነው። ቤተ ክርስቲያናቸው ቅዱስ ብላ የጠራቻቸው ከዚያ ቀድማ ነበር፤ ያዳኗቸው ሰዎች ደግሞ ከሁሉም ቀድመው ፈርደውላቸው ነበር። የመንግሥቱ መዝገብ ግን ከ1937 ጀምሮ 63 ዓመት ጠበቀ። «ለየትኛው መንግሥት ነው የሰለልኩት?» ለሚለው ጥያቄ በዚያ ሁሉ ጊዜ ውስጥ መልስ የሰጠ አንድም ሰው አልተገኘም።